ማሉዋል ያልነው እንግሊዝ

ይድረስ ለታላቅ ወንድሜ ለአኮት ዳው፣ ካርቱም ጦር ሰፈር።

ወንድም ዓለም፣ እንደምን ሰነበትክልኝ? ያ የበረሃ አሸዋ ዓይንህን ተወልህ ወይ? ባለቤትህስ አገሩ ተስማማት? እናታችን አሉየል በሕይወት አለች፤ እህታችን ኛንኪርም ቆማ ትሄዳለች። እኔ ግን ደኅና ነኝ ብዬ አልዋሽህም። ይህን ስታነብ ብቻህን አትሁን፤ ከአገራችን ልጆች አንዱን አጠገብህ አስቀምጥ። መርዶ በወረቀት አይነገርም ነበር፤ ምን ላድርግ፣ የምልከው ሰው አጣሁ።

አባታችን ዳው አርፈዋል። ወንድሜ፣ ደዌ አልጣላቸውም፣ ጦርም አላገኛቸውም። የገደላቸው ማሉዋል ያልነውን እንግሊዝ ማመናቸው ነው።

ይህን ሰው፣ ካፒቴን ሬድፈርንን፣ አንተ የምታውቀው በፊተኛ መልኩ ነው፤ ወታደር እየመራ በረታችንን ሲያቃጥል፣ እኔን አዝለህ ረግረግ ውስጥ የተደበቅክ ለት። አንተ ወደ ጦሩ ከሄድክ በኋላ ሰውየው ሰይፉን ፈትቶ፣ የአውራጃው አስተዳዳሪ ተብሎ ተመልሶ መጣ። አባታችን ከሸንጎው ዛፍ ሥር ሳይነሡ «የፊተኛው አመድ ገና ከእግራችን አልለቀቀም፤ ደግሞ ምን ቀረኝ ብለህ መጣህ?» አሉት። እሱ በተሰባበረ የእኛ የዲንካ ቋንቋ «ልማር መጣሁ» ሊል ፈልጎ «ልወለድ መጣሁ» አለ። «ከነጢምህ?» አሉት አባታችን። ሸንጎው በሳቅ ፈረሰ፤ እሱም ፊቱ ደም እስኪመስል ሳቀ። ማሉዋል፣ ቀዩ በሬ፣ የሚል ስም የወጣለት ያን ቀን ነው።

ከዚያ ወዲህ ሰው ሆነ። ቋንቋችንን ለመደ፣ ወተታችንን ጠጣ፣ የከብት ሙግት ሲመጣ አባታችንን ከጎኑ ሳያስቀምጥ አልፈረደም። ኮረዶቹ «ማሉዋል፣ ምነው አታገባ? ከብት የለህም እንዴ?» እያሉ ሲያላግጡበት «ይህን አፍንጫ የምትችል አጣሁ» ይላቸው ነበር። እኔን አስተርጓሚው አደረገኝ። አባታችንም ከበረታቸው አንድ በሬ መርቀው ሰጡት።

ዘንድሮ በበጋው ለመንገድ ሥራ ሰው በግድ ይሰብሰብ ተባለ። የማዶ ጎረምሶች እምቢ አሉ፤ አንድ ፖሊስም ወግተው ገደሉ። ማሉዋል «ዳው ይምጣ፣ ተነጋግረን እንጨርሰዋለን፤ እኔ እያለሁ ማንም አይነካውም» ብሎ ላከ። እናታችን «ይቅርብዎ፣ አይሂዱ። ሰውየው ደግ ነው፤ ግን ጌታ አለው። ጌታ ያለው ሰው ቃል የለውም» አለች። አባታችን «በሬዬን ተቀብሏል፤ በሬ የተቀበለ አይከዳም» ብለው ሄዱ።

ከካርቱም በመርከብ የመጣ ኮሎኔል ግን ለፖሊሱ ደም አባታችንን ተጠያቂ አድርጎ፣ ወታደሮቹን አሰልፎ ይጠብቃቸው ነበር። ማሉዋል ቃል ሰጥቻለሁ ብሎ ጮኸ፣ ተከራከረ። ኮሎኔሉ ድምፁን እንኳ ከፍ ሳያደርግ «አንተ ወታደር ነበርክ፤ ትእዛዝ ምን እንደሆነ ጠፋህ?» አለው። ወንድሜ፣ ያ ግዙፍ ሰው ሲኮማተር አየሁት። ተረከዙን አጋጨ፣ እጁን ወደ ግንባሩ አነሣ። ከዚያም ዞሮ ፍርዱን በገዛ አንደበቱ አሰማ፤ በእኛ ቋንቋ ሊለው ግን አልደፈረም።

አባታችን ወደ እኔ ዞረው «ልጄ፣ ምን አለ?» አሉኝ።

«ወደ ሰሜን፣ በረሃው ውስጥ ይወስዱዎታል» አልኩ።

«እስከ መቼ?»

«አልተናገረም።»

የማሉዋልን ፊት ሳያዩ «እንግዲያስ በሬዬን ይመልስ» አሉ። ማሉዋል ራሱ ፈትቶ አመጣው፤ ገመዱንም ለእኔ አቀበለኝ።

አባታችን በመርከቡ ላይ እህል አልቀምስ ብለው፣ ኮስቲ ከተባለው የወንዝ ወደብ ሳይደርሱ አረፉ። ማሉዋል ወሬውን ይዞ እናታችን ዘንድ መጥቶ፣ ባርኔጣውን አውልቆ ደጃፉ ላይ መሬት ተቀመጠ። እናታችን «ተነሥ፤ ለቅሶ የሚቀመጥ ዘመድ ነው» አለችው። ተነሥቶ ሄደ። ሹመቱንም ተወ፤ ባለፈው መርከብ ወደ አገሩ ሲሳፈር ማንም አልሸኘውም። እኔ ከሩቅ ቆሜ አየሁት። ልጠላው ሞከርኩ፤ ያም አልሆነልኝም።

በቦታው የተላከው ሌላ ወጣት መኮንን ነው። ትናንት አስጠርቶኝ «የአገሩ ታላቅ ሽማግሌ ማነው? ወዳጁ መሆን እፈልጋለሁ» አለኝ። ምን ብዬ ልመልስለት? ጎረምሶቹ ረግረግ ገብተዋል፣ ዛፉ ሥር የሚቀመጥ ሰው የለም።

ወንድም ዓለም፣ ኮስቲ ለአንተ ይቀርባል። መርከበኞቹን ጠይቅልን፤ ከየትኛው ዳርቻ እንደቀበሯቸው የሚያስታውስ አይጠፋም ይሆናል። እኔ ግን ተስፋ አላደረግሁም፤ ወንዙ በየክረምቱ ዳርቻውን ይበላል።

እናታችን ጉንጭህን ትስማለች፤ ስትመጣ በወታደር ልብስ እንዳትመጣ ትልሃለች፣ ዓይኗ አይችልም። ኛንኪር ሰላም ብላሃለች፤ ሠርጓ ቀርቷል። አጎታችን ቶንግ አይዞህ በለው ብሎኛል፤ እሱን አይዞህ የሚለው ግን የለም። ባለቤትህን እጅ ነሥቻለሁ በልልኝ። ወንድ ልጅ ከወለደችልህ የአባታችንን ስም ልታወጣለት ታስብ ይሆናል። እናታችን መቃብራቸው ሳይታወቅ ስማቸው በሌላ ሰው ላይ አይጠራ ብላለችና ሌላ ስም ፈልግለት።

ወንድምህ ማዱት ዳው
ከቦር በታች፣ ከነጭ አባይ ዳር
በፈረንጆች አቆጣጠር መጋቢት 1927