የጥይት ቀዳዳ ስለሚያጠፋው ቀለም፣ ለጣቢያው ሥራ አስኪያጅ

ለተከበሩ አቶ ቡራሌ፣ የቴሌቪዥን ጣቢያው ሥራ አስኪያጅ፤

አሰላሙ ዓለይኩም ወረሕመቱላህ። አላህ ጤናዎን ይጠብቅልኝ፤ ይህን ደብዳቤ አንብበው ለመጨረስ ያስፈልግዎታልና። ሶማልኛዬ ለማሳቅ እንጂ ለመቆጣት ስለማይበቃኝ፣ እርስዎም ጅግጅጋ ተምረው ስላደጉ በአማርኛ ጽፌልዎታለሁ። ግልባጩን በአሕመድ ዳጋህ ሰፈር ሻይ ቤቶች ለጥፌዋለሁ።

እኔ ጀማሉዲን በሙያዬ ቤት ቀቢ ነኝ፤ ሠርግ ላይ ደግሞ የቴሌቪዥን ማስታወቂያ እያስመሰልኩ ሰው አስቃለሁ።

አንደኛ፦ በጎረቤቴ በጉሌድ ሠርግ ላይ የቀለም ማስታወቂያችሁን ስቀልድበት በካሜራ ስላስቀረጹኝ አመሰግናለሁ። ያልኩት እንዲህ ነበር፦ «አንዴ ሲቀቡት የጥይት ቀዳዳው ይጠፋል፤ ዝናብ ሲመጣ ቀለሙ ይጠፋል፤ ገዢው ሲመጣ ሻጩ ይጠፋል።» እርስዎ ሁለቱን ቆርጠው ጥለው፣ የመጀመሪያዋን ብቻ ከነፊቴ፣ አንድ ወር ሙሉ ከዜና በፊት አሳዩልኝ።

ሁለተኛ፦ 31 ሜይ ሰፈር ብቻቸውን የሚኖሩት ወይዘሮ ዳሀቦ ይህንኑ አይተው ቀለሙን ገዙ። ከስደት ተመልሰው ቤታቸውን ሲያድሱ፣ ባለቤታቸው በጦርነቱ የተገደሉበትን ግድግዳ እንደተቦዳደሰ ማየት አልፈለጉም ነበር። በመጀመሪያው ዝናብ ቀለሙ ታጥቦ ወረደ፤ ቀዳዳዎቹም አንድ በአንድ ብቅ አሉ። አስጠሩኝ፤ አልተቆጡኝም። «ልጄ፣ እኔ ያመንኩት ቀለሙን አይደለም፤ አንተን ነው» ብቻ አሉኝ። ቀዳዳዎቹን በሲሚንቶ ደፍኜ፣ በሌላ ቀለም እንደገና ቀባሁላቸው፤ ቀና ብዬ ግን ላያቸው አልቻልኩም።

ሦስተኛ፦ ይህንኑ ላስረዳዎት ቢሮዎ ስመጣ፣ ታዋቂ እንዳደረጉኝና ምስጋናዬን ሲጠብቁ እንደነበር ነግረውኝ፣ ወንበር እንኳ ሳይሰጡ በትሕትና ሸኙኝ። ምስጋናው ስለዘገየ ይቅርታ እጠይቃለሁ።

ከሁሉ በላይ ግን፣ የቀለሙ አስመጪ መጋዘኑን ሲያስመርቅ «የማስታወቂያው ሰው» ብለው መድረክ ላይ ስላወጡኝ፣ በቀጥታ ሥርጭትም ስላስተላለፉኝ ውለታዎን አልረሳም። ሦስቱንም ዓረፍተ ነገር ሳልዘል ተናገርኩ። ቀጥዬም ወይዘሮ ዳሀቦን ወደ መድረኩ ጋበዝኳቸው፤ የደረሰባቸውን ረጋ ብለው ተናገሩ። እርስዎ ሥርጭቱን ለማስቋረጥ ሲሯሯጡ ያየዎት ካሜራ እንኳ ሊለቅዎት አልፈለገም። በማግስቱ አስመጪው ማስታወቂያውን አስነሳ፤ ወይዘሮ ዳሀቦም ምሳ ጠርተውኝ፣ በዚያ ግድግዳ ሥር አብረን በላን።

ዝናብ ባካፋ ቁጥር በዱዓ የሚያስብዎት፣
ትሑት አገልጋይዎ ጀማሉዲን፣ ቤት ቀቢ

ማሳሰቢያ፦ ለመጪው ዒድ እርስዎን ሆኜ የምጫወትበት ጭውውት እያዘጋጀሁ ነው። አረማመድዎንና ሳልዎን አሳምሬ ይዣለሁ። ሳቅዎ ግን እንቢ አለኝ፤ ሰሞኑን ሲስቁ ያየዎት ሰው አጣሁ።