እሱን ይጠይቁልኝ

ጥቅምት 6
መድኃኒት ቤቴ እንደወትሮው። ጉንፋን የያዘው ሁሉ እኔ ጋ መጣ። ማምሻውን ጠበቃዬ ደወለ፤ የፍርድ አፈጻጸም ሠራተኛው ነገ የአባቴን ቤት ያስረክበኛል። የሟች ወንድሜ ሚስት ከነልጇ ትልቁን ቤት ለቃ ጓሮ ወዳለችው ክፍሏ ትገባለች። ፍርድ ቤት ለእኔ ፈርዶ የለ? ምን ያስጨንቀኛል...

ጥቅምት 7
ተረከብኩ። ሠራተኛው ትልቁን ቤት ጨርሶ ወደ ጓሮ ዞረ።
«ይቺም ክፍል አብራ ናት?»
ጠበቃዬ ቀደመኝ። «ግቢው በሙሉ ነዋ!»
ወንድሜ በገዛ እጁ የሠራት ክፍል... ብሎኬት ያቀበልኩት እኔ። ክሱም ፍርዱም ስለ ትልቁ ቤት ብቻ ነው። የወንድሜ ሚስት ዞር ብላ «ጋሼ?» አለችኝ።
ጫማዬን አየሁ። ዝም።
ዕቃዋን ጎረቤት በረንዳ ላይ ከመሩት።

ጥቅምት 15
አቤት ብላ ነበር፤ የአፈጻጸም ችሎቱ አልተቀበላትም። ዳኛው የሠራተኛውን ሪፖርት አይተው «ክፍሏ የቤቱ አካል ናት» አሉ። አለቀ። እራት ላይ ባለቤቴ፦
«ናት እንዴ?»
«ዳኛው ብለዋል።»
«እኔ የጠየቅኩት አንተን ነው።»
ራሴን አሞኛል ብዬ ተነሳሁ። ምኔንም አላመመኝም።

ጥቅምት 28
ጉዳዩን ወደ በላይ ፍርድ ቤት ወስዳዋለች። ጠበቃዬ ይስቃል። «የበላይ ፍርድ ቤት አፈጻጸም ውስጥ ገብቶ ማስረጃ እንደ አዲስ አይመዝንም። የታችኛው ሥልጣን ነበረው ወይ? ሕጉን ተከትሏል ወይ? የሚያየው ይሄንኑ ነው። አይዞህ፣ ተኛ።»
አልተኛሁም።

ኅዳር 11
ችሎት ዋልኩ። ያለ ጠበቃ ብቻዋን ቆመች። የመሐል ዳኛዋ በትዕግሥት አስረዷት። «የኔ እህት፣ ክፍሉን ማን ሠራው የሚለውን እዚህ አናጣራም።»
«እንግዲያው እሱን ይጠይቁልኝ። ይኸው፣ እዚሁ ተቀምጧል። እሱ ያውቃል።»
ዳኛዋ አዩኝ። ዓይናቸውን ቶሎ አላነሱልኝም።
«ምስክር አንሰማም። ሥልጣናችን እስከዚህ ነው።»
አቤቱታዋ ውድቅ ሆነ።
እፎይ አልኩ። አዎ፣ እፎይ! ስላልጠየቁኝ ደስ አለኝ። ወዲያው ፊቴ እሳት ሆነ... ሰው እንዴት እንዲህ ባለ ነገር ደስ ይለዋል? እነሱ መጠየቅ ካልቻሉ፣ ታዲያ ማን ቀረ?

ኅዳር 12
የሐኪም ማዘዣ ሁለቴ አሳስቼ አነበብኩ። ዘግቼ ወጣሁ።

ኅዳር 14
አፈጻጸም ችሎቱ ዘንድ ቀረብኩ። ክፍሏ የእሷ ናት፣ ከርክክቡ ትውጣ አልኩ። ጠበቃዬ ቀደም ብዬ ስነግረው «ካሸነፍክ በኋላ? ጤነኛ ነህ?» ብሎ ስልኩን ጆሮዬ ላይ ዘግቶብኛል።
ዳኛው ቀና አሉ። «ሠራተኛው ሲጠይቅ የት ነበርክ?»
«እዚያው ነበርኩ።»
ክፍሏ ትመለስላት ብለው አዘዙ፤ ሌላ ምንም አልጠየቁኝም። ቢቆጡኝ ይሻለኝ ነበር።

ኅዳር 16
የክፍሏን ቁልፍ ይዤ የወንድሜ ሚስት የተጠጋችበት ሄድኩ፣ እህቷ ቤት። ልጅቷ በሩን ከፍታ አየችኝና ሰላም ሳትለኝ ተመለሰች። እናትየው ቁልፉን አልነካችም።
«ለእኔማ ምን ይነገረኛል? እኔ አውቃለሁ። ሰፈሩ ግን የሰው ቤት ይዛ አልለቅም ያለች ብሎኛል። ለእነሱ ንገር።»
«ምን ብዬ?»
«እሱንም እኔ ልንገርህ?»

ኅዳር 17
ነገርኩ። ግቢው ውስጥ፣ ጎረቤት ሁሉ ቆሞ። «ክፍሉን የሠራው ወንድሜ ነው። አውቅ ነበር። አይቼ ዝም አልኩ።» መድኃኒት የምሸጥላቸው ሰዎች ናቸው፣ የልጆቻቸውን ሕመም ሳይቀር የማውቅ። አንዷ «ኤዲያ!» ብላ ፊቷን አዞረች። ሌላው መሬት መሬት ያያል።
የወንድሜ ሚስት ቁልፉን ተቀበለችኝ። ዕቃ ማስገባት ጀመረች። ቁም ሳጥኑን ባንድ ወገን ስታነሳ በሌላው ያዝኩላት። አልከለከለችኝም። ግቢውን አቋረጥን። እጄ ተላጠ።
በሩ ላይ ስንደርስ «እዚህ ይበቃል» አለች።
አወረድኩት። ልጇን ጠርታ፣ ሁለቱ እየገፉ አስገቡት።