እናቴ ያላለችው እሺ

ሰኞ

መጣ። ጨርቅ እየለካሁ ቀና ስል ሱቄ በር ላይ ከዘራውን ተደግፎ ቆሟል። ፀጉሩ አልቋል፣ ከስቷል፤ ድምፁ ግን ያው ነው። «አካም፣ ሰዲያ፣ ናጋ?» ብሎ በኦሮምኛ በስሜ ሰላም አለኝ። ሜትሩ ከእጄ ወደቀ።

ሌሼክ ነው፣ ፖላንዳዊው የፊልም ዳይሬክተር። ከሃያ ዓመት በፊት፣ በድርቁ ዓመት፣ ነጌሌ ከርሞ ሲቀርጽ ከተማው «አባ ካሜራ» ይለው ነበር። እኔ የአሥረኛ ክፍል ተማሪ፣ አስተርጓሚው ነበርኩ። ዛሬ የሦስት ልጆች እናት ነኝ።

ፊልሙን ይዞ መጥቷል። ሀዊ አለችበት፣ ታናሽ እህቴ። እሱ በሄደ በወሩ ኩፍኝ ገደላት። ሰባት ዓመቷ ነበር። አንድ ፎቶ እንኳ የለንም።

ለእናቴ፣ ለአዮ፣ ማን እንደመጣ አልነገርኳትም።

ማክሰኞ

ሱቅ ውስጥ ግማሽ ቀን ተቀምጦ አወራኝ። ያኔ ስለራሱ አይናገርም ነበር። አባቱ የድንጋይ ከሰል ቆፋሪ ነበሩ፤ ጉድጓዱ ተንዶባቸው ሞቱ። ሌሼክ ፊልም ተምሮ መጀመሪያ የሠራው ባሎቻቸው እንደዚያ ስለሞቱባቸው ሴቶች ነው። የዚያን ጊዜው መንግሥት አልወደደለትም፤ ቆልፎ አስቀመጠበት። መንግሥት ሲለወጥ ፊልሙ ወጣ። ለሴቶቹ ላሳያቸው ብሎ ቢሄድ ግማሾቹ ሞተዋል። እናቱም ከሟቾቹ አንዷ ነበሩ።

«ሁለተኛ የቀረጽኳቸውን ሰዎች ፊልማቸውን ሳላሳይ አልቀርም ብዬ ማልኩ። ከዚያ በእናንተም ያንኑ አደረግኩ» አለኝ።

የእኛ ፊልም አሸለመው። ስም አወጣ፣ ሥራ በሥራ ላይ መጣለት። በየዓመቱ «ዘንድሮ እሄዳለሁ» ይል ነበር። ኋላ ሚስቱ ትታው ሄደች፣ ለሥራ የሚጠራውም ጠፋ፣ የሳሙና ማስታወቂያ ሳይቀር ሠርቷል። አሁን ሳንባውን ታሟል። ሐኪሞቹ መንገድ ከልክለውታል።

ሀዊ መሞቷን ጽፌለት ነበር። ደብዳቤው ደርሶት እንደሆነ ጠየቅኩት። ደርሶታል። ያልመለሰልኝ የሚለው ቃል አጥቶ ነው።

ላዝንለት ፈለግኩ፤ አልሆነልኝም።

ረቡዕ

እዚህ ልጻፈው። ለማንም ተናግሬው አላውቅም።

ያን ቀን ከብት የሚጠጣበት ጉድጓድ ጋ ነበርን። ሌሼክ ሀዊን ለመቅረጽ አዮን አስፈቅጂልኝ አለኝ። አዮ «አይሆንም፣ ልጄን ዓይን ይበላታል» አለች። እኔ ዞሬ በእንግሊዝኛ «እሺ ብላለች» አልኩት።

ለምን? ሥራው እንዳይቀርብኝ። ደግሞ አፍሬ። «ዓይን ይበላታል» የሚለውን ለፈረንጅ መተርጎም አሳፈረኝ። አዮ እምቢታዋን እየሰማ የቀረጸ መሰላት። ሀዊ ስትሞት «ያ ካሜራ በላት» አለች። እስከ ዛሬ ስሙን አትጠራም።

ዛሬ «እናትሽን ልያቸው፣ ስለፈቀዱልኝ ላመስግናቸው» አለኝ። አሟታል አልኩት። አዮ ደህና ናት፤ ገበያ ውላ ነው የገባችው።

ሐሙስ

ነጌሌ ወሬ አይደበቅም። «ያ ሰውዬ መጥቷል አሉ። ይምጣ» አለች አዮ በጠዋቱ።

መጣ። ሳይቀመጥ ጀመረ፣ «ያን ቀን ስለፈቀዱልኝ…» ብሎ እንድተረጉምለት ወደ እኔ ዞረ።  መጀመሪያ እውነቱን ለእሱ ነገርኩት። ከዘራው ላይ ጎንበስ አለ። ከዚያ ለአዮ በኦሮምኛ ነገርኳት። እሺ ያልሽ መስሎት ነው የቀረጻት፣ ቃልሽን የለወጥኩት እኔ ነኝ አልኳት።

አላየችኝም። ሻሿን ፈታች፣ መልሳ አሰረች። ከዚያ ወደ እሱ ዞራ፣ የያዘውን ላፕቶፕ እያየች፣

«ልጄ እዚያ ውስጥ አለች?»

አለች።

«አሳየኝ።»

መጋረጃውን ጋረድኩ። እሱ ላፕቶፑን ከፈተ። ሀዊ የፊት ጥርሶቿ ወልቀዋል። ፍየሏን ጆሮዋን ይዛ ውሃ ታጠጣለች። ፍየሏ ስታስነጥስባት ትስቃለች። ዞር ብላ «ሰዲያ፣ ነይ እዪያት» ትላለች። አንድ ደቂቃ አይሞላም። ሳቋ እንደዚያ እንደነበር ረስቼው ነበር። አዮ መዳፏን ስክሪኑ ላይ አሳረፈች። «መልሰው» አለችው። ስንት ጊዜ እንደመለሰው አልቆጠርኩም።

በመጨረሻ «ኩፍኝ ነው የገደላት» አለች። «የጎረቤት ልጆችም ሞተዋል፤ እነሱን ማን ቀረጻቸው? አንተ ግን አባቷ በሕይወት ሳለ ልታመጣው ይገባ ነበር።»

ተረጎምኩለት። አንድ ቃል አልጨመርኩም፣ አልቀነስኩም። ሽማግሌው አለቀሰ።

ዓርብ

በጠዋት በወደራ በኩል ወደ ሐዋሳ ሄደ። አዮ እስከ መኪናው ሸኝታው «ናጋን ጋሊ» አለችው፣ በሰላም ግባ። ፊልሙን በፍላሽ ትቶልናል። እንግዲህ ዳግም አንተያይም።

አዮ እኔን አታናግረኝም። ምሳ አቀረብኩላት፣ አልነካችውም። ሰላቷን ሰግዳ ፊቷን ወደ ግድግዳ አዙራ ጋደም አለች።

ቅዳሜ

ሱቅ ልከፍት ስወጣ ጠራችኝ።

«ያኔ ብትነግሪኝ እገርፍሽ ነበር፣ ያልቅ ነበር» አለች። «ይህን ሁሉ ዓመት ያንን ሰው ስረግም ኖርኩ። እርግማኔን አሁን ከየት ልሰብስበው?»

 እግሯ ሥር ተቀመጥኩ። አልገፋችኝም፤ እጇንም አላሳረፈችብኝም። ረፋድ ሆነ። አንዲት ደንበኛዬ ደውላ ሱቁ ለምን እንደተዘጋ ጠየቀችኝ።

«ሂጂ፣ ሰው ይጠብቅሻል» አለች አዮ።

በሩ ጋ ስደርስ፣ ሳታየኝ፣ «ስትመለሺ ወተት ይዘሽ ነይ» አለችኝ።