ስለ ጣሪያው ውሃና ስለ ማሳችን

ይድረስ ለምወድዎትና ለማከብርዎት አባቴ፤

እንደምን አሉልኝ? ጉልበትዎ እንዴት ነው? አሁንም የሚብሰው ቀኙ ነው ወይስ ሕመሙ ወደ ግራው ዞረ? ጠዋት ሲነሡ ግድግዳ ይዘው ነው ወይስ ራስዎን ችለው? እማዬስ እንዴት ናት? ዓይኗ ክር መርፌ ውስጥ ለማስገባት አሁንም ያስቸግራታል? ከቤት እስከ በረት ያላችሁ ሁሉ እንዴት ከረማችሁ? እኔ ደኅና ነኝ። እጄ ጠንካራ ነው፣ እንቅልፌም ጥሩ ነው። የሚጎድለኝ እናንተን በዓይኔ ማየት ነው፤ እሱን ደግሞ ስንት ጊዜ ጽፌው ስላልሞላልኝ ዛሬ አልፌዋለሁ።

ደብዳቤዎ ከደረሰኝ ሦስት ሳምንት ሆነው። መልሱን ያዘገየሁት ረስቼ ወይም ንቄ እንዳይመስልዎት። «ጉልበቴ ከዳኝ፤ ማሳው ሰው ይፈልጋል፤ ናና ተረከበኝ» ላሉት ቃል በአንድ መስመር መልስ መስጠት ከበደኝ። በዚያው ሰሞን ሥራ ላይ አንድ ነገር ገጠመኝና ሐሳቤን አጠራልኝ። እሱን ሳልነግርዎ መልሱን ብቻ ብጽፍ ይከፋዎታል እንጂ አይገባዎትም። ስለዚህ ታግሠው ያድምጡኝ። እህቴ፣ የምታነቢላቸው አንቺ ነሽና አትቸኩዪ፤ መስመርም አትዝለዪ።

አትክልተኛ መሆኔን ጽፌልዎት ነበር፤ የት እንደሆነ ግን በደንብ አልነገርኩዎትም። አፍሬ ነው። ጣሪያ ላይ ነኝ ብል እማዬ «ወይኔ ልጄ፣ ይወድቃል!» ትላለች፣ እርስዎ ደግሞ ከት ብለው ይስቃሉ ብዬ ነው። እንግዲህ ይሳቁ። በከተማው መሃል አንድ ትልቅ ጣቢያ አለ። ከምድር በታች ባቡር ይመላለሳል፤ መሬቱ ላይ የከተማ አውቶቡሶች ይቆማሉ፤ ከእነሱ በላይ ባለው ፎቅ ደግሞ ሩቅ አገር የሚሄዱት አውቶቡሶች በጠመዝማዛ መንገድ እየወጡ ይገባሉ። ሰው ሁሉ ሲሮጥ የሚውልበት ነው፤ የማይሮጥ ሰው ካዩ ወይ መንገድ ጠፍቶበታል ወይ ቀድሞ ደርሷል። ከዚህ ሁሉ በላይ፣ ጣሪያው ላይ፣ ለማንም ክፍት የሆነ መናፈሻ ተሠርቷል። ርዝመቱ ከቤታችን ደጃፍ ተነሥቶ ወንዙ ድረስ ይሆናል። ሣር አለው፣ አግዳሚ ወንበር አለው፣ ልጆች የሚንቦራጨቁበት ገንዳ አለው፣ ከሁለት መቶ በላይ ዛፍም አለው። ቀልድ አይደለም፤ እውነተኛ ዛፍ።

አፈሩ ግን እንደ ማሳችን አፈር አይደለም፤ ቶሎ ያልቃል። ሣሩ ያለበት እስከ ጉልበት፣ ዛፎቹ ያሉበት እስከ ደረት ነው። ከአፈሩ ሥር ጠጠር፣ ከጠጠሩ ሥር ውሃ እንዳያሳልፍ የተነጠፈ ወፍራም ጥቁር ጎማ፣ ከጎማው ሥር ሲሚንቶ አለ። ከሲሚንቶው ሥር ሻንጣ የያዘ ሰው ቆሟል። መጀመሪያ ሰሞን ስቆፍር፣ አውቶቡስ ከሥሬ ባለፈ ቁጥር አፈሩ ይንቀጠቀጥና በዶማው እጀታ በኩል እጄ ላይ ይሰማኝ ነበር። አሁን ለምጄዋለሁ፤ እንዲያውም ቀና ብዬ የማየው መንቀጥቀጡ ሲጠፋብኝ ነው።

የሚመጣውን ሰው ቢያዩት ደስ ይልዎታል። አንድ የሩቅ መንገድ ሾፌር አለ፤ በየቀኑ እኩለ ቀን ላይ ገንዳው አጠገብ ካለው ትልቅ ዛፍ ሥር ጫማውን ተንተርሶ ለሃያ ደቂቃ ይተኛል። ማንም ሳይቀሰቅሰው ብድግ ይልና አቧራውን አራግፎ ይሄዳል። ትኬት የምትቆርጥ ሴትም አለች። በምሳ ሰዓት ትወጣና ጫማዋን አውልቃ ሣሩ ላይ ዝም ብላ ትቆማለች። ምን እያደረገች እንደሆነ ብጠይቃት «ከጠዋት ጀምሮ መስታወት ውስጥ ነኝ፤ እግሬን መሬት እያሳየሁት ነው» አለችኝ። አውቶቡስ ያመለጠውም ሰው እየተራገመ ይመጣል፤ ከዚያ ይቀመጣል፤ ትንሽ ቆይቶ ድምፁ ይጠፋል።

አለቃችን ጠና ያሉ ሴት ናቸው። የዛፍ መቁረጫው ከእጃቸው ስለማይለይ ሠራተኛው «እትዬ መቀስ» ይላቸዋል፤ ያውቃሉ፣ አይከፋቸውም። ዛፎቹን ገና ከክርናቸው ሳይበልጡ የተከሏቸው እሳቸው ናቸው።

ዘንድሮ ዝናቡ ጠና። መስከረም ላይ፣ የሩቅ አገር አውቶቡሶች በሚቆሙበት ፎቅ፣ ሰባተኛው በር አጠገብ ከጣሪያው ውሃ ይንጠባጠብ ጀመር። መጀመሪያ ባልዲ አደረጉ፣ ቀጥሎ «ተጠንቀቁ» የሚል ጽሑፍ አቆሙ። አንድ ቀን አንዲት አሮጊት ተንሸራትተው የእጃቸው አንጓ ተሰበረ። ከዚያ ወዲያ ባልዲና ጽሑፍ አላዋጣም። አንድ ኢንጂነር ተላከ። ወጣት ነው፣ ፈጣን ነው፣ ፕላኑን ጠቅልሎ በብብቱ ይዞ ነው የሚሄደው። ዞር ዞር ብሎ አየና የዛፎቹ ሥር ጎማውን በስቶታል አለ። ከሰባተኛው በር በላይ ያሉት አርባ ሁለት ዛፎች በሳምንቱ ውስጥ ተቆርጠው፣ ሥራቸው ተነቅሎ፣ ጎማው እንደ አዲስ ይነጠፍ ብሎ አዘዘ።

እትዬ መቀስ መቀሱን ባዶ አየር ላይ ሁለት ጊዜ ቀጭ ቀጭ አደረጉትና ዘወር አሉ። እኔ መናገር አይገባኝም ነበር፤ ተራ ሠራተኛ ነኝ። ግን ዝናብ ባልጣለበትም ቀን ባልዲው እኩል ሲሞላ አይቻለሁ። ይህንኑ ብነግረው ኢንጂነሩ «አፈር ውሃ ይይዛል እኮ» አለኝ። እውነቱን ነው፣ ይይዛል። ቢሆንም አፌ አላርፍ አለና «ሦስት ቀን ይስጡኝ» አልኩት። «ምን ልታደርግ?» ቢለኝ «ውሃውን ልጠይቀው» አልኩ። ሠራተኛው ሁሉ ሳቀ፤ ኢንጂነሩም እየሳቀ ሦስቱን ቀን ፈቀደልኝ። እኔ ግን የተናገርኩት የእርስዎን ቃል ነበር።

ያን ጊዜ ቦያችን ውሃ ሲያጎድል፣ ከላይኛው ጎረቤታችን ጋር «ሰረቅኸኝ፣ አልሰረቅሁህም» የተባባላችሁትን ያስታውሳሉ? እርስዎ «ውሃውን እንጠይቀው» ብለው ከቦዩ ራስ ላይ ቀይ አፈር በጠበጡበት። ከዚያ ዳር ዳሩን እየሄድን ስንፈልግ ቀዩ ውሃ ከጃርት ጉድጓድ ውስጥ ወጥቶ ገደል ሲገባ አገኘነው። ጎረቤታችን ንጹሕ ሰው ነበር። በዚያው ቀን ደጁ ድረስ ሄደው፣ ሰው ፊት፣ ይቅርታ ጠየቁት። ቦዩን ማን እንደደፈነው ረስቻለሁ፤ ይቅርታ ሲጠይቁ የቆሙበትን ቦታ ግን አልረሳሁም።

የአውቶቡስ መቆሚያዎቹን መስመር የሚቀባው ቀለም ቀቢ ወዳጄ ነው፤ ቀይ ዱቄት ሰጠኝ። በመጀመሪያው ቀን በበርሜል በጥብጬ በግማሾቹ ዛፎች ሥር አፈሰስኩና ነጭ ባልዲ ይዤ ሰባተኛው በር ላይ ቁጭ አልኩ። እስከ አመሻሹ ድረስ የተንጠባጠበው እንደ ዓይን እንባ የጠራ ውሃ ነው። አንዱ መንገደኛ ለማኝ መስዬው ባልዲው ውስጥ ሳንቲም ጣለልኝ፤ ቀና ስል ሄዷል። በሁለተኛው ቀን የቀሩትን ዛፎች አዳረስኩ። አሁንም የጠራ ውሃ። ኢንጂነሩ ሲያልፍ «እህስ፣ መለሰልህ?» አለኝ፤ «እያሰበበት ነው» አልኩት። በነገታው ተሳስቼ ብገኝ የእኔ መዋረድ ምንም አይደለም፤ እትዬ መቀስን በከንቱ ተስፋ ሰጥቻቸው ነበር።

በሦስተኛው ቀን ጠዋት፣ ልጆች ሳይመጡ፣ የቀረኝን ዱቄት ሁሉ ገንዳው ውስጥ ጨመርኩት። ወርጄ ተቀመጥኩ። ወደ አርባ ደቂቃ ገደማ አንዷ ጠብታ የደበዘዘ ሐምራዊ ሆና ወረደች። ዓይኔ ይሆናል ብዬ ጠበቅኩ። ቀጣይዋ ቀላች። ከዚያማ ባልዲው ደም መሰለ። ትኬት የምትቆርጠውን ሴት በመስታወቱ በኩል በእጄ ጠራኋትና እሷ ሁሉንም ሰበሰበችልኝ። ኢንጂነሩ ጣቱን ነክሮ አየው። ፊቱም እንደ ጣቱ ቀላ። እትዬ መቀስ ባልዲውን አዩ፣ እኔን አዩ፣ መቀሱን ኪሳቸው ከተቱት።

እውነቱን ሁሉ ልንገርዎት፤ ያሸነፍኩት ሙሉ በሙሉ አይደለም። ገንዳው ሥር ስንቆፍር የቧንቧው መጋጠሚያ ተላቅቆ አገኘነው፤ ያላቀቀው ግን የትልቁ ዛፍ ሥር ነበር። እንደ እጄ አንጓ የወፈረ ሥር ገብቶበታል። ስለዚህ ኢንጂነሩም በአንዱ ዛፍ ልክ ነበር። አርባ አንዱ ተረፉ፣ ያ አንዱ መቆረጥ ነበረበት። እትዬ መቀስ ሌላ ሰው ሊያዙ ሲሉ «እኔ እቆርጠዋለሁ» አልኩ። ቅርንጫፉን ከላይ ጀምሬ፣ ማንም ላይ እንዳይወድቅ በገመድ እያወረድኩ፣ ግማሽ ቀን ፈጀብኝ። ሾፌሩ በሰዓቱ መጣ። ጫማውን በእጁ እንደያዘ ቆሞ ጥላውን በዓይኑ ፈለገ። ፀሐዩ ላይ ጋደም አለና ፊቱን በክንዱ ሸፈነ።

በነገታው ኢንጂነሩ ሁላችንም ባለንበት መጥቶ እትዬ መቀስን «ቸኩዬ ነበር፤ ይቅር ይበሉኝ» አላቸው። ከዚያ ወደ እኔ ዞሮ የት እንደተማርኩ ጠየቀኝ። ከአባቴ አልኩ። «አባትህ ኢንጂነር ናቸው?» አለ። ገበሬ ናቸው፣ ቦይ ከፍተው ያጠጣሉ አልኩት። ሳቀ፤ የቀልድ ሳቅ ግን አልነበረም። በሳምንቱ፣ ከእትዬ መቀስ ጋር ተማክረው፣ የጣሪያው ውሃ ሁሉ በእኔ ኃላፊነት ሥር እንዲሆን፣ ቋሚ ሠራተኛ ሆኜ እንድቀጠር ጠየቁኝ። እሺታዬን ወይም እምቢታዬን እስከ ወሩ መጨረሻ እንዳሳውቅ ተነገረኝ።

ያን ዕለት ደብዳቤዎን እንደገና አወጣሁት። አባቴ፣ ስድስት ዓመት ሙሉ «ለሚቀጥለው ዓመት እመጣለሁ» ስል ኖሬያለሁ። ስለው ውሸት አልነበረም፣ እውነትም አልነበረም። ያንን ዛፍ ስቆርጥ ግን አንድ ነገር አስደነገጠኝ። ለእሱ ያዘንኩት ሐዘን፣ ከማሳችን ስለይ ካዘንኩት በለጠብኝ። ሰው ልቡ የት እንዳለ የሚያውቀው እንዲህ ሲያመው ነው መሰለኝ። ስለዚህ ሳልሸፋፍን ልንገርዎት። አልመለስም። ልጠይቃችሁ እመጣለሁ፣ ለመኖር ግን አልመለስም። ይህን ከሰው አፍ ከሚሰሙት ከእጄ ጽሑፍ ይስሙት ብዬ ነው።

ሁለተኛ ነገር አለኝ። እህቴ፣ እዚህ ጋ ድምፅሽ እንዳይወርድ። አባቴ፣ ማሳው ሰው ይፈልጋል ብለውኛል። ማሳው ሰው አለው። ደብዳቤዎ ላይ «ቦዩን በዚህ ክረምት ሁለት ጊዜ ቀየርነው» ይላል። እርስዎ ከግድግዳ ሳይለቁ፣ የቀየራችሁት ማንና ማን ናችሁ? ወረቀቱ ጠርዝ ላይም የአውራ ጣት አሻራ አለ፤ ጭቃ ነው፣ የማሳችን ቀይ ጭቃ። የእርስዎ ጣት እንዳልሆነ አውቃለሁ፤ ጠባብ ነው። እህቴ ከማሳ መጥታ እጇን በወጉ ሳትታጠብ ነው የጻፈችልዎት። አራት ዓመት ሙሉ «እህትህ ትረዳኛለች» እያሉ ጽፈዋል፤ እሷም «ትረዳኛለች» ብላ በገዛ እጇ ጽፋዋለች። አንድ ቀን እንኳ ከሥሩ የራሷን ቃል አልጨመረችም። እኔ ስንት ጊዜ አንብቤው አለፍኩት። ከእርስዎ በላይ የማፍረው እኔ ነኝ።

የእኔ ድርሻ የተባለው ማሳ የእሷ ይሁን። ይህን በቃል ብቻ አላልኩም፤ ሌላ ወረቀት ጽፌ ፈርሜ አብሬ ልኬያለሁ። ምስክር ሆነው የፈረሙት እትዬ መቀስና ኢንጂነሩ ናቸው። ለአጎቴና ለሽማግሌዎቹ ያሳዩልኝ። ሰው «ወንድ ልጁ ከድቶት ሄደ» ይልዎት ይሆናል፤ ይበል። እርስዎ ግን ምሽት ላይ በሩ አጠገብ ተቀምጠው ማሳውን ሲያዩ ስታጠጣው ያዩዋታል። ከእኔ እንደምትሻል እዚህ ሆኜ እንኳ አውቃለሁ፤ እኔ ሁልጊዜ መሃሉን አጥግቤ ዳሩን አስጠማው እንደነበር ራስዎ ሲጮኹብኝ ነው ያደግኩት።

ቢከፋዎት አይደብቁኝ፤ ተቆጥተው ይጻፉልኝ። ቁጣው ሲበርድ ግን፣ በበጋው፣ እባክዎ ይምጡ። ጉልበትዎ አያሳስብዎት፣ አሳንሰር አለ፤ ቁጭ ብለው የሚያርፉበት ወንበርም ቆሞ ይጠብቃል። ቦይ በሌለበት ውሃ እንዴት እንደማጠጣ አይተው ይተቹኝ።

ለእማዬ፣ ጉንጯን በሁለቱም በኩል ሳሙልኝ፤ ጣሪያው እንደማይወድቅ ንገሯት። ለአጎቴና ለባለቤቱ አክብሮቴን አድርሱልኝ። ለትንሹ ወንድሜ፣ ትምህርቱ እንዴት እንደሆነ እንጂ ኳሱ እንዴት እንደሆነ አልጠየቅሁም በሉት። የላይኛው ጎረቤታችንን እጅ ነሥቼለታለሁ። ለበሬዎቹ እንኳ ሰላም በሉልኝ።

ለአንቺም እህቴ፣ እስከዚህ መስመር ሳትዘዪ ካነበብሽ ተባረኪ። አባባ የሚሉሽን መልስ፣ ቁጣም ቢሆን፣ እንዳለ ጻፊልኝ። ሲጨርሱ ግን ወረቀቱን እንዳታጥፊው፤ ከሥሩ ቦታ አስቀሪና የአንቺን ቃል በስምሽ ጻፊ።

አክባሪ ልጅዎ

ከጣቢያው ጣሪያ፣ ከአትክልተኞች ክፍል
ጥቅምት 19 ቀን