ያየሁትና የገመትኩት

ለምሳሳልሽ እህቴ፣ ለእትዬ፤

እንደምን ከርመሻል? ጤናሽስ እንዴት ነው? ያ ወገብሽን ሲይዝሽ የነበረው ሕመም ለቀቀሽ ወይስ አሁንም ጎንበስ ባልሽ ቁጥር “ወይኔ” ያሰኝሻል? ባለቤትሽ ጋሼስ በርትቷል? ልጆቹስ እንዴት ናቸው? እማዬስ? የእሷን መጨረሻ ላይ የጠየቅሁት ረስቼ አይደለም፤ ደብዳቤው በሙሉ ስለ እሷ ስለሆነ ነው። የእኔን ከጠየቅሽ እበላለሁ፣ እተኛለሁ፣ ሱቁም ከነ ዕቃው እንደቆመ ነው። ይህን ሁሉ በስልክ ያልነገርኩሽ እኔና አንቺ ስልክ ላይ ቶሎ ቶሎ ስለምንናገር ነው።

ደብዳቤሽ ደርሶኛል። እማዬ መርሳት መጀመሯን፣ በቀን ደጋግማ እየደወለች ያንኑ ጥያቄ እንደምትጠይቅሽ፣ ቤቷ ተዘግቶ አንቺ ጋ እንድትገባ መወሰንሽንና የቀረው የእኔ “እሺ” ብቻ መሆኑን ጽፈሻል። እሷ ቤቴን አልለቅም ብላ እንዳለቀሰችም አልደበቅሽኝም። “አንተ ነጋዴ ነህ፣ ነገር ቶሎ ይገባሃል፣ አታንዛዛው” ብለሽኛል። አላንዛዛሁትም ነበር። “እሺ” ብዬ ጽፌ ፖስታውን ላሽግ ስል ነው እዚህ አንድ ነገር የደረሰብኝ። መልሴ የዘገየውም በዚሁ ነው።

ከሱቄ በላይ ባለው ፎቅ ብቻቸውን የሚኖሩ አንዲት እማማ አሉ። ደረጃውን ሲወርዱ የከዘራቸው ድምፅ ቀድሟቸው ይመጣል። የንግድ ጠባዬን ታውቂያለሽ፤ ደንበኛ አፉን ሳይከፍት የሚፈልገውን ካላቀረብኩለት ሥራ የሠራሁ አይመስለኝም። ከዘራው እንደተሰማ ሳሙናውንም ክብሪቱንም በፌስታል አድርጌ ባንኮኒው ላይ አስቀምጣለሁ። ገና በሩን ሲያልፉ “ይኸው እማማ፣ አይድከሙ” እላቸዋለሁ። እሳቸውም ፌስታሉን አየት አድርገው “አፌንም አንተው ሆንክልኝ” ይሉና ይወጣሉ። ምስጋና መስሎኝ ደስ ይለኝ ነበር።

ብዙም ሳይቆይ ግን ከዘራው ተመልሶ ይሰማል። “ክር ረስቼ” ይላሉ። ከሰዓት በኋላ ደግሞ “አምፖል ረስቼ” ብለው ይመጣሉ። አምፖሉን ትናንት ሸጬላቸዋለሁ። ጎረቤቴ ልብስ ሰፊው በመስኮቱ አንገቱን አስግጎ “ሰውየው፣ ሴትዮዋን ደረጃ ላይ ልትጨርሳቸው ነው? ሱቁን ጠቅልለህ አትልክላቸውም?” ይለኛል። እንስቅ ነበር። ልጃቸው እንደ እኔ ራቅ ያለ አገር ነው የሚኖረው፤ አልፎ አልፎ ወደ ሱቁ ይደውላል። አንድ ቀን “እውነቱን ንገረኝ፣ እናቴ እንዴት ናት?” ሲለኝ፣ “መርሳት ጀምረዋል፤ የገዙትን ዕቃ እንደገና ለመግዛት ይመላለሳሉ” አልኩት። የዕቃ ዋጋ የምነግረው ያህል እርግጠኛ ነበርኩ። ልጁ ደነገጠ። እናቴ የአረጋውያን መኖሪያ ትግባልኝ ብሎ አመለከተ። አየሽ፣ በአንድ ቃሌ ሴትዮዋ ከቤታቸው ሊወጡ ሆነ።

ካመለከተበት መሥሪያ ቤት የማኅበራዊ ጉዳይ ባለሙያ ተላከች። ጠፍጣፋ ጫማ የምታደርግ፣ ቀስ ብላ የምትናገር ልጅ ናት። መጀመሪያ እኔን ጠየቀችኝ፤ ለልጃቸው ያልኩትን ደገምኩላት። “ይረሳሉ ያልከኝ ያየኸው ነው ወይስ የገመትከው?” አለችኝ። “በእነዚህ ዓይኖቼ ነው ያየሁት!” አልኳት። “ያየኸው ተመልሰው ሲመጡ ነው። መርሳቱን ግን እንዴት አድርገህ አየኸው?” አለች። እንዴት እንደተናደድኩ! ሰው ማወቅ መተዳደሪያዬ ነው፤ ጫማውን አይቼ ኪሱን እገምታለሁ። እሷ ግን ክርክር ውስጥ አልገባችም። ጠዋት ጠዋት ሱቁ ውስጥ ልቀመጥ ብላ ብቻ ፈቃዴን ጠየቀችኝ።

በድብቅ የምትሰልል መስሎኝ ነበር። እሷ ግን አስቀድማ ወደ እማማ ወጥታ ለምን እንደምትቀመጥ፣ ያየችውም ስማቸው ሳይጠራ ብቻቸውን ስለሚኖሩ አረጋውያን ለሚደረግ ጥናት እንደሚውል ነገረቻቸው። ካልፈለጉ እንደማትመጣም ጨመረችላቸው። እማማም “እይኝ እንጂ፣ ማን ከልክሎሽ! ቀሚሴን ሳልቀይር ግን እንዳትጀምሪ” አሏት። በማግስቱ ለሠርግ የተጠሩ መስለው፣ ከዘራቸውን ትተው፣ ቀጥ ብለው ወረዱ። ልጅቱ ሲወጡ ጠብቃ “የዛሬው አይቆጠርም፤ ያየሁት እኔን ሲያዩ ነው” አለችኝ። ከዚያ ወዲያ እኔም እማማም እንደ አንድ ካርቶን እስክንለምዳት ድረስ ጥጉ ላይ ተቀመጠች። ልብስ ሰፊው ግን ሊለምዳት አልቻለም፤ “ካሜራዋ መጣች፣ ፀጉርህን አበጥር” እያለ ያሾፍብኝ ነበር። አጻጻፏን ሰርቄ አየሁት። ወረቀቱን ለሁለት ከፍላ በአንዱ ወገን ያየችውንና የሰማችውን ብቻ፣ በሌላው ደግሞ የራሷን ግምትና ስሜት ከነ ጥያቄ ምልክቱ ታሰፍራለች። እኔም የቀን ውሎዬን እንደምጽፍ ታውቂያለሽ፤ በእሷ መንገድ ብለየው የእኔ ሁሉ ወደ ግምቱ ወገን የሚሄድ ነው።

አንድ ጠዋት ዕቃ ተራግፎልኝ ሱቁ በካርቶን ታፈነ። ስራወጥ የእማማን ፌስታል አላዘጋጀሁም። ገብተው ባንኮኒውን ሲያዩ ባዶ ሆነባቸው። “ሳሙናው የት ሄደ? ቤቱን ገበያ አስመሰልከው እኮ!” ብለው ተቆጡኝ። ራሳቸው ፈለጉ። ሳሙናውን አንድ በአንድ አሸተቱ፣ አንዱን “ይሄ የሆስፒታል ኮሪደር ይሸታል” ብለው መለሱት። ልብስ ሰፊውን ጠርተው የሸሚዜ ቁልፍ ከቦታው ዘንበል ማለቱን አሳዩት፤ እሱም “እኔ ስሰፋው ቀጥ ያለ ነበር፣ ሰውየው ነው የተጣመመው” አላቸው። ካርቶን ላይ ተቀምጠው ስቀው ስቀው ወጡ። የዚያን ቀን ተመልሰው አልመጡም። ካርቶኑ ሳይነሳ በዋለበት በማግስቱም አልተመለሱም። ሱቁን አስተካክዬ ፌስታሉን ባዘጋጀሁ ቀን ግን ከዘራው እንደገና ተመላለሰ።

እኔ “አሃ!” ብዬ ልናገር ስል ልጅቱ በእጇ ምልክት ዝም አሰኘችኝ። “አሁንም ግምት ነው፤ ጠይቀን እንስማቸው” አለች። እማማ ሲመጡ በግልጽ ጠየቀቻቸው። እሳቸውም “ምን እረሳለሁ ልጄ! ሳሙናው ቤቴ ተቆልሏል፣ አምፖሉም ለመንደሩ ይበቃል። ይህ ልጅ ገና እግሬ ሳይገባ ነው የሚያሰናብተኝ። ታዲያ ዝም ብዬ ተመልሼ ምን ፈልጌ ነው ልበል?” አሉ። መሬት ተከፍቶ ቢውጠኝ በወደድኩ። ቅልጥፍናዬ ነው ደረጃ ለደረጃ ሲያመላልሳቸው የከረመው።

በሪፖርቱ እማማ ቤታቸው እንዲቆዩ፣ ደረጃው መደገፊያ እንዲሠራለትና በየሳምንቱ የሚጠይቃቸው ሰው እንዲመደብ ተጻፈ። አንድ ጊዜ ቁልፋቸውን በር ላይ ትተው መግባታቸውም ተጽፏል፤ ያየችውን አትደብቅም። ስለ እኔ የጻፈችውንም፣ ያንተ ስለሆነ ስማው ብላ አነበበችልኝ። “ደንበኛ ሲወጣ ባለ ሱቁ በሩ እስኪዘጋ ድረስ ያያል። ከዚያ የተስተካከለውን ዕቃ እንደገና ያስተካክላል። ምሳውን ቆሞ ይበላል” ይላል። በግምቱ ወገን ምንም የለም። “ይሄን ለምን ባዶ ተውሽው?” አልኳት። “እሱን የምታውቀው አንተ ነህ” አለችኝና ወጣች። በሩ እስኪዘጋ ሳያት ራሴን ያዝኩት። እትዬ፣ እዚህ ከመጣሁ ጀምሮ ሰው የማየው እኔ ብቻ ይመስለኝ ነበር።

አሁን ወደ እማዬ ልመለስ። ለእኔም ትደውላለች። “ምሳ በላህ?” ስትለኝ ቃሏን ሳትጨርስ “በልቻለሁ እማዬ፣ ደህና ነኝ፣ ሥራ ላይ ነኝ” እላታለሁ፤ ሁሉንም በአንድ ፌስታል። ጥቂት ቆይታ ትደውልና ያንኑ ትጠይቀኛለች። ምናልባት አንቺም ምጣዱ እሳት ላይ ሆኖ፣ ልጆቹ ቀሚስሽን እየጎተቱ እንደዚያው ታሰናብቻት ይሆን? ይህ ግምቴ ስለሆነ የጥያቄ ምልክት አድርጌበታለሁ፤ አትቀየሚኝ። አንቺ ከእሷ ጋር ነሽ፣ እኔ ሩቅ ነኝ፤ ከሩቅ ሆኖ ማዘዝ እንደሚቀል አውቃለሁ።

ስለዚህ መልሴ እሺም እምቢም አይደለም። ለምን እንደሆነ ነግረሻት አንድ ሳምንት እሷ ቤት ክረሚ። የመጀመሪያውን ቀን አትቁጠሪው፤ እንግዳ መጣ ብላ ቤቱን ስትወለውል ነው የምትውለው። ያየሽውን ከምትፈሪው ለይተሽ ጻፊልኝ። እሳት ለኩሳ ከተወች፣ መንገድ ከጠፋት፣ የልጆቹን ስም ካጣች እሱ ሌላ ነው፤ ያኔ ሱቄን ዘግቼ ራሴ መጥቼ ዕቃዋን እሸክማለሁ። ያንኑ ጥያቄ ስትደግም ግን ቶሎ አትመልሺላት። መልሰሽ ጠይቂያት።

እኔ ባለፈው እሑድ ሞከርኩት። “ምሳ በላህ?” ስትለኝ “ገና ነኝ እማዬ፤ አንቺስ ምን በላሽ?” አልኳት። ከዚያ አወራችልኝ፦ የጎረቤት ድመት ጣራዋ ላይ መውለዷን፣ መስኮቷ አልዘጋ ማለቱን፣ ብቻዋን ስትበላ ምግቡ እንደማይወርድላት። መጨረሻ ላይ “ቁጭ ብለህ ነው የምትበላው?” አለችኝ። ማንም አልነገራትም። በርጩማውን ስቤ ተቀመጥኩ። “አሁን ተቀምጫለሁ” አልኳት።

የዚያን ቀን ተመልሳ አልደወለችም። እኔ ነኝ ስልኩን እያየሁ ያመሸሁት።

ጋሼን ሰላም በይልኝ፤ መነጽሩን ግንባሩ ላይ አድርጎ መፈለጉን ይተው። ትልቁን ልጅ በትምህርቱ እንዲበረታ፣ ትንሿን ቁንጥንጥ ደግሞ ሁለቱንም ጉንጮቿን ሳሚልኝ። ወገብሽን ጠብቂ። እማዬን ሰላም ስትያት አጠገቧ ቁጭ ብለሽ ይሁን።

ወንድምሽ
ከሱቁ ጀርባ ካለችው ክፍሌ
ረቡዕ፣ ኅዳር 11 ቀን