መሃል ላይ አይቋረጥም

ማክሰኞ፣ በታሚል አቆጣጠር የታይ ወር ዘጠነኛ ቀን። ዛሬ ጠዋት ሠላሳ ሁለት እስር ለመመገቢያ የሚሆን የሙዝ ቅጠል ወጣ፤ አራቱ ተቀደው ተመለሱ።

ውድ ወንድሜ ጋሼ ናራሲምሃን፣ ለጤናህ እንዴት ነህ? ያ የሙምባይ እርጥበት የሚያስነሣብህ ሳል ለቀቀህ? እኛ ደህና ነን። አባባ ግን ሰውነታቸው ደህና ሆኖ አእምሯቸው መንገድ መሳት ጀምሯል። የቬዳ ትምህርት ቤታቸው አምስት ተማሪዎች ከአፍ ወደ አፍ ብቻ የሚተላለፈውን ቅዱስ ዜማ ከእሳቸው የተቀበሉት ገና እኩሌታውን ነው።

እኔ ከትምህርት ቤቱ ግድግዳ ሥር ቅጠል እየሸጥኩ፣ ከአባባ የተማርኩትን ረስቼዋለሁ ስል ሃያ ዓመት ኖሬያለሁ። ውሸት መሆኑን የምታውቀው አንተ ብቻ ነበርክ።

ባለፈው ዓርብ ትልቁ ተማሪ ሴሻድሪ ከፍ የሚለውን ዜማ ዝቅ አደረገው። አባባ ሳያርሙት አለፉ። ደገመው፤ አሁንም አላረሙትም። ሳላስበው ከግድግዳው ወዲህ ሆኜ አቃናሁለት። በዚህ ቢያበቃ ደግ ነበር። ግን ደንቡን ታውቀዋለህ፤ አፍ ከከፈቱበት ክፍሉ ሳያልቅ አይቋረጥም። እንደ ቬዳ ንባብ ሥርዓት ሁለት ቃል ወደ ፊት፣ ሁለት ወደ ኋላ፣ ደግሞ ወደ ፊት እያልኩ እስከ መጨረሻው ወረድኩት። ደንበኛዬ ኮማላም፣ «አንተ ሰው፣ ለካ ቅጠሉን የምታስወድደው ቬዳ እየጠቀለልክበት ነው» አለች። ሰው ሁሉ ሳቀ። አባባ ደጃፉ ላይ ቆመው፣ «ዋሽተኸኛል። ይሁን። ከመጪው ሐሙስ ጀምሮ በእኔ ፋንታ የመምህሩ ምንጣፍ ላይ ትቀመጣለህ» አሉ።

በስልክ ልቅዳውና ተማሪዎቹ ይስሙት ብዬ ተከራከርኩ። «ልጁ ሲሳሳት ስልክህ ይሰማዋል?» አሉኝ። እየነገድኩ ላስተምር ብልም አይሆንም፤ የሚነግድ ሰው አያስተምርም። በየአቅጣጫው ሞከርኩት፣ መውጫ የለውም። እምቢ ብዬ አንተ ጋ ብመጣ፣ አባባ ሲያልፉ ቀሪው እኩሌታ እኔ ጋ ብቻ ይቀርና ሙምባይ ገበያ ውስጥ፣ በሽንኩርት ከረጢት መሃል አብሮኝ ይሞታል። ስለዚህ እዚያ ገበያው ውስጥ የያዝክልኝን የሥራ ቦታ ለሌላ ስጠው። ደስ ብሎኝ እንዳይመስልህ። ወጥመድ የገባች አይጥ እንኳ የምግብ ሽታ ጠርቷት ነው፤ እኔን የጠራኝ የሌላ ሰው ስህተት ነው።

ባለቤትህን ቫይዴሂን ሰላም በልልኝ፤ መንትዮቹን ሳምልኝ። አባባ መርቀውሃል። ባለቤቴ ፓንካጃም ሰላም ብላሃለች፤ ከቅጠል ሽታ ተገላገልኩ ትላለች፣ ስትናገር ግን ፊቷን ታዞራለች።

ነገ ጎህ ሲቀድ ፀጉር አስተካካዩ ዘንድ ሄጄ እንደ ቬዳ መምህር ደንብ ዙሪያውን እላጭና ከኋላ ቁንጮ አስቀራለሁ።

ወንድምህ ስሪኒዲ
ኩምባኮናም