ስድስት ክንድ መሬት

የካቲት 4 ቀን 1997፣ ዓርብ

ጠዋት ብርድ ነበር። የበልጉን እርሻ ጀመርኩ። ጎረቤቴ አያ ምስጋኑም ከጎኔ ያርሳል። ማሳው ጠባብ ነው፤ አግድም ሲያርስ በሬዎቹ መዞሪያ አጥተው የኔን ረገጡ። እንደ ልማዱ ቆመ፣ ኮፍያውን አወለቀ።

«ይቅር በለኝ ሙሉሃብት፤ እነዚህ በሬዎች ድንበር አያውቁም።»

«ምንም አይደል» አልኩት።

ምንም አይደል... አስራ አራት ዓመት እሱ ይቅርታ ይጠይቃል፣ እኔ ይቅር እላለሁ። ዛሬስ ልጻፈው። በሬዎቹ የሚረግጡት የራሱን መሬት ነው። የወሰድኩት እኔ ነኝ።

በ1983 መሬት ሲደለደል፣ ስድስተኛ ክፍል የጨረስኩ በመሆኔ ቁጥር ጠሪ ተደረግኩ። መለኪያውም የኔው ነበር፤ ከአያቴ የወረስኩት ጠፍር፣ በየክንዱ ቋጠሮ ያለው። ሌሎቹ ታች ማሳ ላይ ነበሩ። የአያ ምስጋኑን ማሳ ስንለካ እሱ ወዲያ ጫፉን ይዟል። እኔ ድንበራችን ላይ፣ ከድንጋዩ አጠገብ ቆሜያለሁ። ቆጠርኩ፦ አስራ ስምንት። ጾም ነበር፣ ደክሞኛል፤ አፌ «አስራ ሁለት» አለ።

«ሰምቻለሁ» አለ ከወዲያ። ጎንበስ ብሎ ካስማ ይተክል ነበር፣ አላየም።

እኔ አየሁ። ድንጋዩ ወደ እሱ ገብቷል። ቋጠሮው አስራ ሁለት ብቻ። ሃያ የነበረው የኔ ማሳ ሃያ ስድስት። ድምፅ የለ፣ አቧራ የለ። ቁጥሩን ስለጠራሁት ምድር እሺ አለ።

ያኔውኑ «ተሳሳትኩ» ማለት እችል ነበር። ዝም አልኩ። ባለቤቴ የትናየት እንኳ፣ ነፍሷን ይማር፣ ሳታውቅ አረፈች።

የካቲት 6፣ እሑድ

ከቅዳሴ በኋላ የቀበሌው ሊቀመንበር ተናገረ። የመሬት ደብተር ሊሰጥ ነው። ኮሚቴው የካቲት 22 እኛ ጋ ይመጣል። እንደተለካው ይጻፋል፤ አንዴ ከተጻፈ ለልጅ ልጅ ነው አለ። ሰው አጨበጨበ። አያ ምስጋኑም አጨበጨበ።

የካቲት 9፣ ረቡዕ

ጠፍሩን ከጎታው ሥር አወጣሁ። ደርቋል፤ ቅባት አስነካሁት። አያ ምስጋኑ ላሊበላ ወርዷል። ጫፉን በእሱ በኩል በካስማ ተከልኩ፣ ወጠርኩ። «አስራ ስምንት» አልኩ። ቆጠርኩ... አስራ ሁለት። ጮክ ብዬ ደገምኩ። አስራ ሁለት።

ቤት ገብቼ ደመርኩ። አስራ ሁለትና ሃያ ስድስት፣ ሠላሳ ስምንት። አስራ ስምንትና ሃያ፣ እሱም ሠላሳ ስምንት። ድምሩን ገመዱ አልነካውም። የነካው የማን መሆኑን ነው።

የካቲት 13፣ እሑድ

ለንስሐ አባቴ ለመምሬ ገብረመስቀል ነገርኳቸው። አብዷል ይሉኛል ብዬ ነበር። እስከ መጨረሻው ሰሙኝ።

«ያኔ ስትጠራ ማን ሰማህ?»

«አያ ምስጋኑ።»

«ባለፈው ረቡዕስ?»

«ማንም፣ አባ። ካስማ ነው የተከልኩት።»

«ታዲያ ካስማ ምን ብሎ ሰምቻለሁ ይበልህ? ለኔ መናገርህ ደግ ነው ልጄ። እኔ ግን እዚያ መሬት የለኝም።»

መንገዱን ሁሉ አሰብኩት። ገመዱ የሚታዘዘው ባለመሬቱ ቁጥሩን ሲሰማ ከሆነ፣ ጫፉን መያዝ ያለበት እሱ ነው። እንዲይዝ ደግሞ መንገር አለብኝ... ዘጠኝ ቀን ቀረው።

የካቲት 16፣ ኪዳነ ምሕረት

ነገርኩት። ከቤተ ክርስቲያን ስንመለስ፣ ሁሉንም።

መጀመሪያ ሳቀ። «የትኛው ቤት ነው ጠላው እንዲህ የከረረ?» ከዚያ ፊቴን አየና ተወው።

«እኔኮ በእግሬ ለክቼዋለሁ» አለ። «ጠበበብኝ። ግን የተማረ ሰው የጠራው ቁጥር ነው። እግሬ ይሆናል የተሳሳተው አልኩ።»

ይህን ከምሰማ ቢሰድበኝ ይሻለኝ ነበር።

«በሰው ፊት ትለዋለህ? ድንበር ገፊ ነው ይሉሃል።»

«እላለሁ።»

«እንግዲያ ጫፉን እይዛለሁ።»

ደህና ዋል ሳይለኝ ወደ ቤቱ ታጠፈ።

የካቲት 20፣ እሑድ

ባይታዘዝስ? ሌብነቴ ብቻ ተሰምቶ፣ መሬቱ እዚያው ቢቀርስ? ... ቢሆንም እላለሁ። አምላኬ፣ ድምፄን አትንሳኝ።

የካቲት 22፣ ማክሰኞ

ኮሚቴው በናይሎን ገመድ ለካ። ምስጋኑ፣ አስራ ሁለት ክንድ። ጸሐፊዋ ዳግማዊት ልትጽፍ ስትል «ቆይ ልጄ» አልኩ። ሁሉም ዞረ።

ተናገርኩ። አላሳጠርኩም፣ በድካምም አላሳበብኩም። ከኋላ አንዱ «ድንበር ገፊ» አለ። ልክ ነው፣ ነኝ።

«እና አሁን ምን ልታደርግ ነው?» አለ ሊቀመንበሩ። «መሬት እንደ ጋቢ አይሳብ።»

ሰው ሳቀ። ጠፍሩን ዘረጋሁ። አያ ምስጋኑ ማንንም ሳያይ ወዲያ ዳር ሄደ፣ ጫፉን አነሳ፣ ወጠረው። እዚያው ሆኖ ጮኸ፦

«ከጠራህ አይቀር ሃያ በልልኝ እንጂ።»

«ሁለቱ ከማን ይምጣ፣ አያ?»

«ከሊቀመንበሩ።»

እኔም ሳቅኩ። ሳቁ ጉሮሮዬን ከፈተው መሰለኝ። «አስራ ስምንት» አልኩ፣ ማዶ ያለው ገደል እስኪመልሰው።

«ሰምቻለሁ» አለ።

ድንጋዩ ሲሄድ አየነው። ሁላችንም። እንደጠገበ በግ ቀስ ብሎ፣ አንድ ሣር ሳያጎብጥ፣ አልፎኝ ወደ ማሳዬ ገባ። ከዚያ ከሴቶቹ መካከል የአመተ ማርያም እልልታ ተሰማ፣ ሌሎቹም ተቀበሏት። ሊቀመንበሩ አላመነም፤ በናይሎኑ ሦስት ጊዜ አስለካ። አስራ ስምንት። አስራ ስምንት። አስራ ስምንት።

አያ ምስጋኑ ጠፍሩን እየጠቀለለ መጣ፣ ከጎኔ ቆመ። ትከሻው ትከሻዬን ነካ። አላራቀውም።

«የእርስዎ ስድስት ክንድ ቀንሷል፤ ይስማማሉ?» አለች ዳግማዊት።

«አልቀነሰም። የኔ ሃያ ነው።»

የአሻራ ቀለሙን አቀረበችልኝ። መጻፍ እችላለሁ አልኳት። እስክሪብቶዋን ተቀብዬ፣ ከሃያው ሥር ስሜን ከነአባቴ ጻፍኩ።